ሞዴሉ ያልሳተው ጣቢያ

ሥራዬ የሰው ስህተት መፈለግ ነው። ቡራዩ ያለው የወተት ዩኒየናችን «የትንበያ ግምገማ ባለሙያ» ብሎ ቀጠረኝ እንጂ ባልደረቦቼ «ሩቲ ነገር ፈላጊዋ» ነው የሚሉኝ። ይበሉ። ነገር ካልፈለግኩማ ለምን ቀጠሩኝ?

ዘንድሮ ሁዳዴ ሊገባ ሁለት ሳምንት ሲቀረው አዲሱ ኢኮኖሚስታችን ወንዳፍራሽ ሞዴል ሠርቶ መጣ። ያለፉትን አራት ዓመታት መዝገብ፣ ዝናቡን፣ የድርቆሹን ዋጋና አጽዋማቱን አይቶ እያንዳንዱ የወተት መሰብሰቢያ ጣቢያ በቀን ስንት ሊትር እንደሚያስገባ የሚተነብይ ኢኮኖሜትሪክ ሞዴል ነው። ድሮ በጾም ወተት ገዢ ስለማይኖረው ትንበያ የሚፈልግ አልነበረም። ዘንድሮ ግን ሰበታ ያለው ፋብሪካችን ብዙ ወር የሚቆይ ወተት የሚያሽግ ማሽን አስገባ፤ በጾምም ወተት ይፈልጋል። ችግሩ መኪናው ነው፤ ለሁሉም ጣቢያ አይበቃም። ስለዚህ ሥራ አስኪያጃችን አቶ ተድላ ቆረጡ፤ በጾም በቀን ከሁለት መቶ ሊትር በታች የሚያስገባ ጣቢያ መኪና አይሄድለትም፣ ይዘጋል። የትኛው እንደሚዘጋ ሞዴሉ ይናገራል። ሞዴሉ ይታመናል ወይ የሚለውን ደግሞ እኔ እናገራለሁ።

እንደ ደንቡ ፈተንኩት። ያለፈውን ዓመት መዝገብ ደበቅሁበትና በቀደሙት ሦስት ዓመታት ብቻ ያንን ዓመት እንዲተነብይ አደረግሁ። ከዚያ ትንበያውን ከተደበቀው ቁጥር ጋር አስተያየሁ። በአማካይ የሳተው አራት በመቶ ነው። «ዘንድሮም እንዳምናው ይሆናል» ብሎ ዝም ብሎ የሚገምት ሰው አስራ አንድ በመቶ ይስት ነበር። በጾም ሳምንታት ደግሞ የሞዴሉ ስህተት ከሁለት በመቶ በታች ወረደ።

«አልበዛም እንዴ?» አልኩት ወንዳፍራሽን። «ላም ያለበት ነገር፣ ዝናብ ያለበት ነገር፣ እንዴት ሁለት በመቶ ብቻ ይስታል?»

«ሩቲዬ፣ ጎበዝ ሰው አይተሽ ስለማታውቂ ነው» አለና ሳቀ።

እኔም ሳቅሁና ፈረምኩ። አዎ፣ ፈረምኩ።

በሦስተኛው ቀን የሚዘጉት ጣቢያዎች ዝርዝር ወጣ። አምስት ናቸው፤ ጾሙ በገባ በሦስተኛው ሳምንት ይዘጋሉ፣ ለገበሬው ግን ገና አልተነገረም። የመጀመሪያው ከሱሉልታ ዘጠኝ ኪሎ ሜትር ገባ ብሎ ያለው የድንቅቱ ጣቢያ ነው። ድንቅቱ ወተት ተቀባያችን ናት፤ ስልሳ ሦስት አባወራ ለእሷ ነው የሚያስገባው። ትንበያው በቀን መቶ አስራ ስምንት ሊትር ይላል። ወደ ኋላ ተመልሼ ሳየው ሞዴሉ እዚያ ጣቢያ ላይ በጾም አንድም ሳምንት ስቶ አያውቅም። ይሄ ነገር እንቅልፍ ነሳኝ። እኔ ራሴ የእናቴን ቤት የአንድ ሳምንት ስኳር ገምቼ አላውቅም፤ እሱ የስልሳ ሦስት ቤት ላሞችን እንዴት አወቀ?

ጾሙ በገባ በአራተኛው ቀን በሚኒባስ ሱሉልታ፣ ከዚያ በባጃጅ ድንቅቱ ጋ ሄድኩ። ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ ደረስኩ። ሰልፉ ረጅም ነው፤ ቢጫ ጀሪካን የያዘ፣ የአልሙኒየም ዕቃ የተሸከመ። ድንቅቱ ቦት ጫማ አድርጋ እየለካች ትጽፋለች። ትንሽ ቆይታ የማቀዝቀዣውን ክዳን ከደነችና «በቃ!» አለች። ገና አስራ ስምንት ሰው ተሰልፏል። አንድም ሰው አላጉረመረመም። ዞር ዞር ብለው ወተታቸውን እንደያዙ ተመለሱ። አዴ ሶያማ የሚባሉ አሮጊት አስራ ሁለት ሊትር ይዘው ነበር፤ እንዳለ ይዘውት ሄዱ።

ደሜ ፈላ። «ምን ማለትሽ ነው ድንቅቱ? ሰው ወተት ይዞ መጥቶ ትመልሺያለሽ?»

«አካም ቡልቴ፣ እንዴት አደርሽ አይቀድምም?» አለች። «መቶ ሃያ ሞላ። ከመቶ ሃያ በላይ እንዳልቀበል ታዝዣለሁ።»

«ማነው ያዘዘሽ?»

ግድግዳው ላይ የለጠፈችውን ወረቀት በአገጯ አሳየችኝ። ከአራት ዓመት በፊት የተጻፈ፣ ለእያንዳንዱ ጣቢያ የጾም ገደብ የሚወስን ደብዳቤ ነው። ከሥሩ ያለው ስም የኔ ነው።

መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። ያን ቀን ትዝ አለኝ። ገዢ የለም፣ ገደብ ይውጣ ተባልኩና ቡራዩ ወንበሬ ላይ ተቀምጬ፣ ካርታ ላይ ርቀት እያየሁ አስፋልት ዳር ላለው አራት መቶ፣ ራቅ ላለው መቶ ሃያ እያልኩ ሞላሁት። የሄድኩበት ጣቢያ አልነበረም። ከዚያ ወዲህ በየጾሙ ድንቅቱ መቶ ሃያ ስትቀበል፣ መዝገቡ መቶ ሃያ ሲል፣ ሞዴሉም የኔን ደብዳቤ አጥንቶ መልሶ ለኔው ሲያነብልኝ ኖሯል። የደበቅኩበት ዓመትም በዚያው ደብዳቤ የተመዘገበ ነው። ታዲያ እንዴት ይሳት? እኔም በራሴ ቁጥር ፈትኜው «እሰይ፣ አለፈ» ብዬ ፈረምኩለት። ጅል!

እዚያው ቆሜ አቶ ተድላ ጋ ደወልኩ። ሁሉንም ነገርኳቸው።

«ሰባት ቀን» አሉ። «ገደቡን አንሺና ሰባት ቀን ትቀበል። አማካዩ ሁለት መቶ ከሞላ ጣቢያው ይቀጥላል። ካልሞላ ሁለተኛ እንዳትጨቀጭቂኝ።»

እኔ እዚያው ሰነበትኩ፤ በማግስቱ የመጣው ሁሉ ይገባል ብለን አስነገርን። የመጀመሪያው ቀን የገባው መቶ ሃያ አራት ሊትር ነው! ማንም አላመነንም፤ ሰው አራት ዓመት ሙሉ ተመልሶ፣ በአንድ ቀን ወሬ ዘጠኝ ሊትር ተሸክሞ ዳገት አይወጣም። ሁለተኛው ቀን መቶ ሠላሳ ዘጠኝ። አዴ ሶያማ ሦስት ሊትር ብቻ ይዘው መጡ፤ የምራችን መሆኑን ሊያዩ ነው። ስንቀበላቸው በሦስተኛው ቀን አስራ ሁለቱን ይዘው መጡና ሌላውም ተከተለ፤ መቶ ሰባ ስድስት ገባ። ከዚያ ሁለት መቶ ሃያ ስምንት፣ ሁለት መቶ አርባ ሰባት፣ ሁለት መቶ ሃምሳ አንድ። ድንቅቱ እየዘፈነች ነው የምትለካው። ሰባተኛው ቀን ሁለት መቶ ሠላሳ አምስት ከገባ በቃን።

ሰባተኛው ቀን ሁለት መቶ ሃያ ዘጠኝ ገባ። ስድስት ሊትር ጎደለ። አዴ ሶያማ አልመጡም።

ድንቅቱ ጎረቤታቸው ጋ ደወለች፤ ስልኩን ስትዘጋ ፊቷ ተለዋውጧል። «ላሟን ሸጠዋታል» አለች። «የመኪናችን ሹፌር ትናንት ማታ ጣቢያው ይዘጋል፣ ዝርዝር ወጥቷል ብሏቸው። ብቻቸውን ናቸው፤ ሱሉልታ ድረስ ማን ይሸከምላቸው? በሌሊት ገበያ ይዘዋት ወረዱ።»

ሁለታችንም መዝገቡን እያየን ቆምን። «ሁለት መቶ አርባ ብለሽ ጻፊው» አለችኝ። «ላሟ ብትኖር ይገባ ነበር እኮ። ማን ያያል? ሩቲ፣ ስልሳ ሦስት ቤት ነው!»

እውነቴን ነው፣ እጄ ብዕሩን ይዞ ነበር። ግን ወንበር ላይ ተቀምጬ ቁጥር መሙላት የት እንዳደረሰን አይቻለሁ። ሁለት መቶ ሃያ ዘጠኝ ብዬ ጻፍኩ። ድንቅቱ ባጃጁ ድረስ እንኳ አልሸኘችኝም።

ቡራዩ ስደርስ አቶ ተድላና ወንዳፍራሽ ወረቀቱን ተቀበሉኝ። «አማካዩ መቶ ዘጠና ዘጠኝ» አሉ አቶ ተድላ። «አልሞላም።»

«አልሞላም» አልኩ። «ሞዴሉ ግን መቶ አስራ ስምንት ነበር ያለው። ዝርዝሩን ባናወጣ የአዴ ሶያማ ላም ዛሬም ትታለብ ነበር፤ ይሞላ ነበር። እሱን አልጨምርም፤ ያልገባ ወተት አይጻፍም። ግን ግምገማዬ ስህተት ነው፤ ፊርማዬን አንስቻለሁ። ሌሎቹም አራት ጣቢያዎች የተዘረዘሩት በዚሁ ደብዳቤ ነው።»

ወንዳፍራሽ ይቆጣል ብዬ ነበር። ወረቀቱን ሁለት ጊዜ አነበበና «ስህተቱ ከሁለት ወደ አርባ አንድ በመቶ» አለ ቀስ ብሎ። «አቶ ተድላ፣ ይሄን ሞዴል እንዳይጠቀሙበት። የወተት ሞዴል አይደለም።»

አቶ ተድላ መነጽራቸውን አውልቀው ዓይናቸውን አሹ። «አምስቱም ጣቢያ ገደቡ ይነሳ። የሚዘጋ የለም፤ መኪናውን በተራ እናብቃቃዋለን። ለአንቺ ማስጠንቀቂያ ይጻፋል» አሉኝ።

«ይጻፍልኝ» አልኩ። ደስታዬን መደበቅ አቅቶኝ ነበር።

በማግስቱ ራሴ ልንገራቸው ብዬ አዴ ሶያማ ቤት ሄድኩ። በረቱን እየጠረጉ ነው። ባዶ በረት ለምን እንደሚጠርጉ አልጠየቅኩም። ጣቢያው እንደማይዘጋ፣ ገደቡም እንደተነሳ ነገርኳቸው።

«ገላቶማ ልጄ» ብለው አመሰገኑኝ። «ለሌሎቹ ደግ ነው።» ከዚያ መጥረጊያውን አስደግፈው አዩኝ። «ያ የምታሰሉበት ነገር ስለ እኔ ቤት አሁን ምን ይላል?»

ልዋሻቸው አልቻልኩም። «ከዛሬ ጀምሮ ዜሮ ይላል፣ አዴ» አልኳቸው።

«አሁን አልሳተም» አሉና መጥረጋቸውን ቀጠሉ።