ላሚቱ ማን ጋር ናት

…እና ጽሕፈቴ ዶሮ የጫረችው ነው የሚመስለው፣ አውቃለሁ፣ ይቅርታ፣ ፊደሉም ይሳሳታል፣ የአንደኛ ደረጃን የመጨረሻ ፈተና ያለፍኩት በሰው ምሕረት ነው፣ በቃል ጽሕፈት ወረቀቴ ላይ ቀይ ቀለም ያልነካው መስመር አልነበረም፣ ደግሞ የምጽፈው ዕቃ በሚጠቀለልበት ሻካራ ወረቀት ላይ ነው፣ እርሳሱ ይበሳዋል።

ፎቅ ላይ መሳቢያ ሲከፈትና ሲዘጋ ይሰማኛል። አስተማሪያችን ማድሟዜል ካዛል ዛሬ ትሄዳለች። ትሄዳለች ይባላል እንዴ፣ ትባረራለች። ሴቶቹ ከቅዳሴ ወጥተው በቀጥታ ወደዚህ ነው የመጡት፣ የትምህርት ቤቱ በር ላይ ቆመዋል፣ እናቴም መሃላቸው አለች፣ ጋሪው ይምጣና ትውጣልን፣ ሰላይ፣ የቄሱን ጉሮሮ የዘጋች፣ ይላሉ፣ በአገራችን ቋንቋ በብሬቶንኛ ነው የሚሉት፣ ማድሟዜል አይገባትም፣ እኔ ይገባኛል።

እሷ አይደለችም። ይኸው ጻፍኩት። እኔ ነኝ፣ ትሬፊን፣ የዓሣ አጥማጁ የኤርቬ ልጅ፣ እዚሁ ተምሬ አሁን ይህን ክፍል የምጠርገው፣ ሰው ሲያየኝ አንገቴን የምደፋው። ለመንግሥቱ ሰው የነገርኩት እኔ ነኝ፣ ከዚያም ዝም አልኩ፣ ኃጢአቴ ዝምታዬ ነው፣ እንዲህ ብዬ ልጻፈው፣ ዝም አልኩ።

ከሕጉ ልጀምር። ፓሪስ ያሉት ሰዎች፣ ቄስ ሁሉ ስብከቱንም የልጆቹን የሃይማኖት ትምህርትም በፈረንሳይኛ ያድርግ፣ እንቢ ያለ ደመወዙ ይቆረጣል አሉ፣ የቄስ ደመወዝ የሚከፍለው መንግሥት ነዋ። እዚህ ፈረንሳይኛ የሚሰማ ማን አለ፣ እናቴ የምታውቀው አዎ ጌታዬ የምትለዋን ብቻ ነው፣ ጎረቤታችን ፋንት እሷንም አታውቅም። ስለዚህ መንደሩ መከረ፣ ማንም መጥቶ ቢጠይቅ ቄሳችን አባ ማዜ የሚያስተምሩት በፈረንሳይኛ ነው በሉ፣ ሕፃናቱ ሳይቀሩ አጠኑት። ውሸት አይሆንም ወይ ስላት እናቴ፣ ለመንግሥት ሲሆን ውሸት አይባልም፣ ደግሞ አንቺን ማን ይጠይቅሻል፣ አለችኝ። እውነቷን ነው፣ እኔን ማንም ምንም ጠይቆኝ አያውቅም።

አጎቴ ጎልቬን ብቻ ሳቀ። የእናቴ ወንድም ነው፣ በመንደሩ ለሪፐብሊኩ ወገን ድምፅ የሚሰጠው እሱ ብቻ ነው፣ እናቴ ይሄ ሰይጣን ትለዋለች፣ ቂጣውን በቅቤ ታበላዋለች እንጂ። እዚህ ማገዶ ሊያራግፍ ሲመጣ ከማድሟዜል ጋር ይከራከራል፣ እኔ እጠርጋለሁ፣ የተጠረገውንም ደግሜ እጠርጋለሁ፣ እንዳያልቅብኝ።

እሷ እንዲህ ትላለች፣ ሪፐብሊኩ አንድ ነው፣ አይከፋፈልም፣ የዓሣ አጥማጅ ልጅና የጠበቃ ልጅ እኩል የሚሆኑት በአንድ ቋንቋ ሲናገሩ ነው፣ አለዚያ ዕድሜ ልካችሁን አስተርጓሚ ይሸጣችኋል። እውነት ነው፣ አባቴን አይቼዋለሁ፣ በወደቡ ከተማ ፍርድ ቤት ቆሞ፣ ዳኛው ሲያወራ ኮፍያውን እያሻሸ፣ ጀልባው እንደተወሰደበት የገባው ዘበኛው ክንዱን ይዞ ወደ በሩ ሲመራው ነው። መንገድ ላይ፣ ለኔ አልገባኝም፣ ላንቺ ይግባሽ፣ አለኝ።

አጎቴ ጎልቬን ደግሞ፣ ማድሟዜል፣ እኔ ለሪፐብሊኩ እስያ፣ ቶንኪን ድረስ ዘምቼ ጣቴን ሰጥቻለሁ፣ ስትቆረጥ የጮህኩት በብሬቶንኛ ነው፣ ጩኸትህን ተርጉም ያለኝ አለቃ የለም፣ አላት። ሳቀች። ግን ሙስዮ ጎልቬን፣ ሁሉም በየቋንቋው ከጮኸ ሕጉ ለማን ይሰማል? ሕጉ ይማራላ፣ ይላል እሱ፣ እኛ የባሕር ሰዎች ሁለት ቋንቋ ካልከበደን የተማረ ሕግ እንዴት ይከብደዋል፣ ሪፐብሊኩ የሁሉ ከሆነ የእናቴም ነው፣ በምትሰማው ቢያናግራት ምን ይጎድልበታል? ዛሬ ሁለት ከሆነ፣ ትላለች፣ ነገ አሥር ይሆናል፣ ከዚያ አገሩ የት አለ ታዲያ? እሱን እርስዎ ያስቡበት፣ ይላታል፣ ደመወዝ የሚበሉት እርስዎ ነዎት። ሁለቱም ይስቃሉ፣ እኔ መጥረጊያዬን ይዤ እሷም ልክ ናት እሱም ልክ ነው እላለሁ፣ ሁለት ሰው ልክ ከሆነ ተሳሳተ የሚባለው ማን ነው፣ እኔ መሆን አለብኝ።

ላሚቱ። እሷን ሳልጽፍ አይሆንም። ላሚቱ ከአሮጌ የእንጨት ጫማ የተቆረጠች ተረከዝ ናት፣ ገመድ አላት፣ ከማድሟዜል በፊትም ነበረች። ጠዋት መጀመሪያ ብሬቶንኛ ያመለጣት ልጅ አንገት ላይ ትንጠለጠላለች፣ ያቺ ልጅ የምትገላገለው ሌላዋን ስትናገር ሰምታ ስትይዛት ነው፣ ሌላዋም ሌላ ትፈልጋለች፣ የመጨረሻው ደወል ሲደወል ላሚቱ ያለችባት ሽንት ቤት ታጥባለች። ቀኑን ሙሉ ጆሮ ብቻ ነሽ። ላሚቱ ማን ጋር ናት፣ ላሚቱ ማን ጋር ናት፣ ገመድ እየዘለልን እንኳ የምንለው እሱን ነበር። አንድ ቀን ደወሉ ሊደወል ሲል እኔ ጋር ነበረች፣ የአዜኖርን እግር ሆን ብዬ ረገጥኩት፣ የልብ ጓደኛዬን፣ ወይኔ እናቴ አለች፣ ምን ትበል፣ ገመዱን አጠለቅኩላት። ትሬፊን፣ አንቺ እኮ ጓደኛዬ ነሽ። ይሄንንም በብሬቶንኛ ነው ያልሽው አልኳት። ሁሉም ሳቁ። እኔም፣ ሰው በኔ ቀልድ ሲስቅ የመጀመሪያዬ ነበር።

ማድሟዜል ላሚቱን አትወዳትም፣ ስታያት ዓይኗን ትመልሳለች፣ ግን የትምህርት ቤት ተቆጣጣሪው በየዓመቱ እየመጣ የት አለች ይላል። አንዴ ምድጃው እጇን ፈጃትና ጮኸች፣ ፈረንሳይኛ አልነበረም፣ የኛም አልነበረም፣ የኔ እጅ በራሱ ጊዜ ላሚቱ ወደተሰቀለችበት ሚስማር ሄደ፣ እግዜር ያሳያችሁ፣ አስተማሪዬ አንገት ላይ ላጠልቅ። የአገርዎ ብሬቶንኛ ነው ማድሟዜል? አልኳት። ምንም አይደለም፣ እናቴ ደቡብ አገር ዶሮዎቿን የምታናግርበት ነው። እጇን ውኃ ውስጥ ነከረች። እኔም አንገት ላይ አጥልቀውብኛል፣ አለች፣ ትንሽ ሳለሁ።

የመንግሥቱ ሰው የመጣው ሐሙስ ነው፣ ሐሙስ ትምህርት የለም፣ እኔ ጥቁር ሰሌዳውን እወለውላለሁ። ጥቁር ካፖርት፣ ጭቃ የነካው ጫማ፣ ደግ ፊት፣ ፊቱ ክፉ ቢሆን ኖሮ እዋሸው ነበር። ማድሟዜል፣ አስተማሪዋ አሉ? ማድሟዜል፣ ወይዘሪት፣ ያለው እኔን ነው። ፖስታ ቤት ሄደዋል ጌታዬ። እንዴት ጥሩ ይናገራሉ፣ አለኝ፣ እርስዎ እያለ፣ ዕድሜዬን በሙሉ እርስዎ ተብዬ አላውቅም፣ አንቺ ልጅ ነኝ፣ ነይ ወዲህ ነኝ። የሃይማኖት ትምህርቱንስ በዚሁ ባማረ ፈረንሳይኛ ነው የተማሩት? አዎ ጌታዬ ማለት ነበረብኝ፣ እናቴ እንኳ የምታውቃትን ያቺን። አይደለም ጌታዬ፣ አባ ማዜ የሚያስተምሩን በብሬቶንኛ ነው፣ ስብከታቸውም በብሬቶንኛ ነው፣ ሁልጊዜም እንዲሁ ነው። ሙሉ ዓረፍተ ነገር፣ ግሡ በቦታው፣ አንድ ስሕተት የለበትም። ኮፍያውን አነሳልኝ። ደስ አለኝ፣ ሲሄድ በመስኮት እያየሁ ዓረፍተ ነገሩን ብቻዬን ደገምኩት፣ እንዴት እንደሚያምር።

ከዚያ የአባ ማዜ ደመወዝ ተቆረጠ። ፈረሳቸውን ሸጡ። ከዚያ የፋንት አባት፣ ባሕሩ ጫፍ ላይ ብቻቸውን የሚኖሩት ሽማግሌ፣ ሊሞቱ ሆነ፣ ቄሱን ጥሩልኝ አሉ፣ አባ ማዜ በዚያ ዕድሜያቸው በዝናብ በእግራቸው ወጡ፣ ልብሳቸው ሰውነታቸው ላይ ተጣብቆ ሲደርሱ ፋንት በሩ ላይ ነበረች። ዘገዩ አባታችን፣ አለቻቸው። ይህን ብቻ። አባቷ ንስሐ ሳይገቡ፣ ቅዱስ ዘይት ሳይቀቡ ሄዱ፣ ፋንት አሁን መቃብሩ ላይ አባቴ የት ነህ እያለች ትጠይቃለች፣ ሰማይ ነው ብሎ የሚመልስላት የለም፣ አባ ማዜም እጇን ብቻ ይይዛሉ።

ወሬው ከማን አፍ ወጣ ሲባል የማድሟዜል ስም ተነሣ፣ ከየት እንደተነሣ እንጃ፣ የመንግሥት ሰው ናት፣ ሌላ ማን ሊሆን። ወተት የሚሸጥላት ጠፋ። መስኮቱ በድንጋይ ተመታ። ደጃፏ ላይ የሳርዲን አንጀት ደፉባት፣ ያጠብኩት እኔ ነኝ፣ ተንበርክኬ፣ ዝም ብዬ፣ አይዞሽ ትሬፊን ሳሙና ጨምሪበት ትለኛለች፣ እኔን አይዞሽ…

ትሬፊን፣ ወረቀት ቀርቷል?

ማድሟዜል ናት፣ እየወረደች ነው። ሰዓቱን ታቅፋለች፣ ግድግዳው ላይ የነበረውን፣ የራሷ ነው። ምን ትጽፊያለሽ? ምንም፣ ልምምድ ነው። ጎበዝ፣ እንዳታቋርጪ። አላነበበችውም፣ ወረቀቱን ከእጄ ሥር ስባ ሰዓቱን ጠቀለለችበት፣ በገመድ አሰረችው፣ ሻንጣው ውስጥ ከተተችው፣ እርሳሱ ብቻ እጄ ላይ ቀረ።

ማድሟዜል፣ ማን እንደተናገረ ያውቃሉ? አላውቅም፣ ማወቅም አልፈልግም፣ አውቄው ምን ላደርገው ነው፣ ልጠላው? ሻንጣውን በጉልበቷ ተጭና ቆለፈችው። አባትሽ ያለሽን ነግረሽኝ ነበር፣ እሱ እንዳለው ይግባሽ። ከወዲያ ጫፍ ያዢ።

ያዝኩ። ከባድ ነው፣ መጻሕፍት ነው። በሩ ተከፈተ፣ ብርሃኑ፣ የሴቶቹ ነጫጭ ቆቦች፣ የእናቴ ዓይን፣ አንቺ ምን ትሠሪያለሽ እዚያ የሚል ዓይን፣ ጋሪው ቆሟል፣ የያዘው አጎቴ ጎልቬን ነው፣ አይስቅም። ማንም ድንጋይ አልያዘም። ፋንት ከመሃል ወጣች፣ ጥቁር ለብሳ፣ አጭር ሴት ናት፣ ማድሟዜል ፊት ስትቆም ቀና ማለት ነበረባት።

ጠይቂልኝ፣ አለችኝ፣ ፈረንሳይኛ የምታውቂው አንቺ ነሽ። አባቴ ምን እንዳደረጋት ጠይቂልኝ። ወተት ሲያልቅባት በነጻ የሰጣት እሱ ነበር። ምን በደላት? እሱን ትንገረኝና ትሂድ፣ መንገዷን ጨርቅ ያድርግላት።

ምን አሉ ትሬፊን? ማድሟዜል ናት፣ ጎንበስ ብላ፣ በለሆሳስ።

ሁለቱም እኔን ያያሉ። ሁለቱን የሚሰማ እዚህ መካከል ያለሁት እኔ ብቻ ነኝ፣ አጎቴም አለ፣ ግን እሱን አልጠየቁትም፣ የማድሟዜል ጓንት ሻንጣው ላይ፣ የፋንት እጅ ባዶ፣ ቀላሉ ነገር፣ ለማድሟዜል መልካም መንገድ ትልዎታለች ማለት እችላለሁ፣ ለፋንትም አዝናለሁ ትልሻለች ማለት እችላለሁ፣ ሁለቱም ያምኑኛል፣ ጋሪው ይሄዳል፣ ነገ ክፍሉን እጠርጋለሁ፣ የተጠረገውን ደግሜ፣ እና ሻንጣው ውስጥ ያለው ወረቀት ዝም አልኩ ይላል፣ ዝም አልኩ ብዬ የጻፍኩት ሦስቴ ይሆን አራቴ፣ ለራሴ እንኳ፣ ማንም በማያነበው ወረቀት ላይ እንኳ፣ ዋሸሁ። ዝም አላልኩም። ልብስ ማጠቢያው ጋ፣ አባቷ የተቀበሩ ሳምንት፣ ፋንት ልብሱን በዱላ መደብደቧን አቁማ፣ አንቺ እዚያ ትጠርጊያለሽ፣ ሰውየው ያናገረው ማንን ነው አለችኝ፣ ሴቶቹ ሁሉ ዞሩ፣ ሁሉም የኔን አፍ ሲጠብቁ።

ፋንት፣ አልኩ። በብሬቶንኛ፣ የትምህርት ቤቱ ደፍ ላይ። ያን ቀን የነገርኩሽ ውሸት ነው። ማድሟዜል ፖስታ ቤት ነበረች። ሰውየው ያገኘው እኔን ነው፣ የነገርኩት እኔ ነኝ፣ ስትጠይቂኝ ደግሞ ፈራሁና እሷ ናት አልኩሽ።

እናቴ አፏን በሽርጧ ያዘች። ፋንት አልመታችኝም። ምነው በመታችኝ።

ምን አልሻቸው? ትላለች ማድሟዜል፣ እጇን ትከሻዬ ላይ አድርጋ፣ ትሬፊን፣ ምን አልሻቸው፣ እና አንዴ ብቻ ማለት አይበቃም ለካ፣ ለሷም በምትሰማው ማለት አለብኝ፣ ያን ያማረ ዓረፍተ ነገር የተናገርኩበት ፈረንሳይኛ አሁን እየተሰባበረ፣ ግሡ አንድ ቦታ እኔ ሌላ ቦታ፣ እኔ ነኝ ማድሟዜል፣ እኔ፣ ስምዎን የሰጠኋቸው እኔ ነኝ።