ለአንድ ሰው የሚሆን አልጋ

አናጢው ታናሽ ወንድሙን ከቀበረ ወዲህ ከበርጩማ የሚበልጥ ሥራ ተቀብሎ አያውቅም። ጠረጴዛ ወይ ቁም ሳጥን ሊያሠሩ የሚመጡትን ሁሉ «ጣውላ የለኝም» እያለ ይመልሳል። ጣውላማ እስከ ጣሪያው ድረስ ተደርድሯል። ያጣው ሌላውን ጫፍ የሚይዝለት ሰው ነው። ሃያ ስድስት ዓመት ሙሉ እሱ በዚህ፣ ወንድሙ በዚያ ሆነው ሲልጉ፣ ሲቆርጡ፣ ሲጨቃጨቁ ኖረዋል።

አሁን ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ የሥራ ቤቱን ይከፍታል። ሳይቆሽሽ ያደረውን ወለል ይጠርጋል፣ የሁለቱንም መላጊያ ይስላል፣ ከዚያ በርጩማ ላይ ተቀምጦ በርጩማ ይሠራል። እጁ ሥራ ሲፈታ ሆዱ ይባባል፤ ስለዚህ አያስፈታውም። ጎረቤቱ ጫማ ሰፊው «ሰፈሩ ውስጥ የቆመ ሰው ጠፋ እኮ! ሁሉንም አስቀመጥከው» ሲለው ፈገግ ይላል፤ ፈገግታው ግን ከጥርሱ አያልፍም።

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ የወንድሙ ሚስት የተፈታታ አልጋ በጋሪ አስጭና መጣች። ወንድማማቾቹ ለሰርጓ የሠሩት ነው።

«ምነው፣ ተሰበረ እንዴ?»

«አልተሰበረም፣ ጋሼ። ያጥብቡልኝ።»

«ምኑን?»

«አልጋውን ነዋ። ለአንድ ሰው ያድርጉልኝ። ሌሊት እጄ ዝም ብሎ ይሄዳል፣ ይሄዳል፤ ማንም ጋ አይደርስም።»

አናጢው አንገቱን ደፋ። ያን እንጨት በመጋዝ መንካት ወንድሙን ዳግም መቅበር ሆኖ ታየው።

«አዲስ ልሥራልሽ፣ እህቴ።»

«አዲሱ ላይ እሱ አልተኛም።»

ሜትሩን አውጥቶ ለካ፣ በእርሳስም አሰመረ። የራስጌውን ጣውላ ሲያጋድመው ግማሹ አየር ላይ ቀረ። እሷ እጅጌዋን ሰብስባ መጣችና ጫፉን ያዘች።

«ከፍ አድርጊው። ኧረ በጣም አይደለም።»

«እንዲህ?»

«እንዲያ።»

ሰጋቱራው ጫማዋ ላይ ሲፈስ እንባዋም ፈሰሰ፤ ጣውላውን ግን አልለቀቀችም። እሱም ሊያባብላት አልሞከረም፤ የራሱን በክንዱ እየጠረገ መጋዙን ሳበ። ቁራጩ ሲለይ እጇ ላይ ቀረ፤ የት እንደምታስቀምጠው ጨነቃት።

አልጋው ተገጣጥሞ ማታውን ቤቷ ገባ። በማግስቱ ጠዋት አናጢው ሊጠይቃት ሄደ።

«እንዴት አደርሽ? እንቅልፍስ?»

«ትንሽ ሸለብ አደረገኝ።» አልጋውን በመዳፏ ዳበሰች። «አሁንም ይሰፋል፣ ጋሼ።»

«የእኔም የሥራ ቤት እንደዚያው ነው» አላት።

አጠገቧ ተቀመጠ። ፀሐይዋ ከመስኮቱ እስክታልፍ ድረስ ሁለቱም አልተነሡም።