ለዊዳድ የተደፈነው ቤት

የእህቴ ባል ካሊድ «ያ ቤት እኮ ወንፊት ነው» ሲል ስልኩ ስፒከር ላይ ነበር። እናቴ ኡሙሰልማ ሰማችው። በቃ፣ አለቀ።

ነገሩ እንዲህ ነው። እህቴ ዊዳድ ኮምቦልቻ በኦፕራሲዮን ወለደች። ሕፃኗን በአሥራ አምስት ቀኗ ሳንባ ምች ያዛትና አራት ቀን ሆስፒታል ተኛች። ዳነች፣ አልሐምዱሊላህ። ግን ሐኪሙ «ብርድ እንዳይነካት» ብሏል። እኛ ደግሞ ደሴ ነን! ኮምቦልቻ በቲሸርት ተሳፍረህ የሐረጎን ዳገት ስትወጣ ጃኬት የሚያስፈልግህ አገር። ቤታችን የጭቃ ነው፤ በሩና መስኮቱ ዙሪያ ጣት የሚያስገባ ክፍተት አለ፣ ከጦሳ ተራራ የሚወርደው ንፋስ በዚያ ይገባል።

እማ ስልኩን ቀማችኝ።

«ስማ ካሊድ፣ ልጄ የመጀመሪያዋን እኔ ጋ ነው የምትታረሰው። አርብ ይዘሃት ና። ንፋስ ካገኘህ ያኔውኑ መልሰህ ውሰዳት።»

«እሺ እማ። ግን እፈትሻለሁ!»

«ፈትሽ!»

ቀኑ ማክሰኞ ነበር።

ረቡዕ በጠዋት ፒያሳ ሄድኩ። ቀለምና የቧንቧ ዕቃ የምትሸጠው ሰዒዳ ረዘም ያለ ጣሳ አወጣችልኝ። «ፎም ይባላል። ሲወጣ እንደ ሳሙና አረፋ ነው፣ ከዚያ ያብጣል፣ ይደርቃል። ክፍተቱን ግማሽ ብቻ ሙላው፣ የቀረውን ራሱ ይሞላዋል። ጓንት አድርግ። ሽታው ለሕፃን አይሆንም፣ ሁለት ቀን ቤቱን አናፍሱት» አለችኝ። ሁለት ጣሳና ሁለት ጥንድ ጓንት ይዤ ተመለስኩ።

አባቴ ዘይኑልአቢዲን ገራዶ ላይ ዕድሜያቸውን ሙሉ የሰው ቤት በጭቃ ሲመርጉ የኖሩ ሰው ናቸው። ጣሳውን አገላብጠው አይተው ሳቁ።

«ግማሽ? ግማሽ ተመርጎ የቆመ ግድግዳ አይተሃል አንተ?»

«አባ፣ ይሄ ጭቃ አይደለም። ያብጣል።»

«ሂድ መሰላል አምጣ።»

ጎረቤት መሰላል ልዋስ ሄድኩ። ሃያ ደቂቃ ብቆይ ነው ወላሂ! ስመለስ አባ የበሩን መቃን ዙሪያውን ጠቅጥቀው ሞልተው፣ መዳፋቸውን ውሃ እየነከሩ እንደ ምርጊት ያለሰልሱታል። በባዶ እጅ! ጣቶቻቸው እርስ በርስ ተጣብቀዋል። ፎሙ ደግሞ ዓይኔ እያየ ያብጣል። መቃኑ ጎብጦ በሩን ነክሶታል። ገፋሁት፣ ንቅንቅ አላለም።

«እማስ?»

«ውስጥ ናት» አሉ አባ ቀስ ብለው። «ስሠራ እንዳይወዛወዝ ዝጊው ብያት…»

ከውስጥ ድምፅ መጣ። «አንተ ሰውዬ! ንፋሱን ዝጋ አልኩህ እንጂ እኔን ዝጋኝ አልኩህ?»

«ትንሽ ነው ያበጠ።»

«ትንሽ ከሆነ ክፈተዋ!»

መስኮቱ የብረት ፍርግርግ አለው፣ በዚያ አትወጣም። በሩን በትከሻዬ ልገነጥለው ስዘጋጅ ጮኸችብኝ። «ተው በሺር! በር ሰብረህ አርብ ምን ልዘጋ ነው? ሲደርቅ ትቆርጡታላችሁ። እስከዚያ ሁለተኛውን ጣሳ በመስኮት አቀብለኝ። ጓንቱንም!»

እናም መስኮቱን ራሷ ሠራችው። መስኮቱን ከፍታ፣ ጭንቅላቷን በሻርፕ ጠምጥማ፣ አፍና አፍንጫዋን ሸፍና። ግማሽ ስልህ ግማሽ። አባ በፍርግርጉ ቆመው ያያሉ። «እዚህ ጋ ጨምሪ» ሲሏት «አንተ እጅህን አስለቅቅ» ትላቸዋለች።

ከሰዓት በኋላ ፎሙ ደረቀ። አባ ቢላዋውን ለእኔ አልሰጡም። ያን በእጃቸው ያለሰለሱትን ሁሉ ራሳቸው ከመቃኑ ጀርባ እየገዘገዙ አወጡት። መቃኑ ተመለሰ፣ በሩ ተከፈተ፣ እማ ወጣች፣ አልፋቸው ሄደች። አባ የተረፈውን ፎም አነሡና ጓንት አደረጉ። «ግማሽ» አሉኝና የበሩን ዙሪያ እንደገና ግማሽ ግማሽ ሞሉት። ከዚያ እስከ አርብ በርና መስኮቱን ቀን ቀን ከፍተን አናፈስነው።

አርብ ከጁምዓ በኋላ ካሊድ መጣ። ዊዳድና ሕፃኗ ባጃጅ ውስጥ፣ መጋረጃው ተዘግቶ። እነሱን እዚያው ትቶ እኛ ወዳለንበት ገባ፣ በሩን ዘጋ፣ ከፌስታል ቀጭን ቁራጭ ቀዶ በበሩ ዙሪያ አንጠለጠለ። አልተንቀሳቀሰም። በመስኮቱም አልተንቀሳቀሰም። አልጋው ላይ ተኝቶ ጉንጩን ግድግዳው ላይ አስጠጋ። ከዚያ ወንበር ላይ ወጥቶ ከአልጋው ማዶ፣ ጣሪያው ሥር ሲይዘው ፌስታሉ ተርገበገበ።

«ይኸው!» አለ። «ንፋስ።»

የእማ ፊት ተለወጠ።

«እሱን እኔ ነኝ የተውኩት» አሉ አባ። «ለአራስ ከሰል ይቀጣጠላል። ሁሉንም ደፍኜ ልጆቼን በጭስ ላፍናቸው? ቀዳዳው ከላይ ነው፣ አልጋው እዚህ ማዶ ነው። ና፣ ሕፃኗ የምትተኛበት ላይ ሞክረው።»

ካሊድ ወርዶ አልጋው ላይ ፌስታሉን ያዘ። ረጅም ጊዜ ያዘው። ፌስታሉ ቀጥ ብሎ ቀረ።

«እሱስ ልክ ነዎት» አለና ወጥቶ የባጃጁን መጋረጃ ገለጠ። «ዊዳድ፣ ውረጂ።»

ሕፃኗን እማ ተቀበለች። ካሊድ ሻንጣውን አስገብቶ «አርባዋ ሊሞላ አሥራ ስምንት ቀን ነው የቀራት፣ ያኔ እመጣለሁ» አለ።

«ማነው ያለው?» አለች እማ፣ ሕፃኗን ደረቷ ላይ እያመቻቸች። «እኔ ቤት ከዛሬ ነው የሚቆጠረው።»