ከጋፋት በታች፣ አሥራ ሁለተኛው በር

አምባ ሲባል ሰው ሁሉ ቀና ብሎ ነው የሚያየው። የጋፋቱ አምባ ግን ወደ ታች ነው። ከማሳዎቹ ሥር ሁለት መቶ ደረጃ ወርደው የሚያገኙት፣ ከአለት የተፈለፈለ ከተማ ነው፤ ያለፉ ቀኖች የሚቀመጡት እዚያ ነው። ሠላሳ ትልልቅ በሮች አሉት፣ ለወሩ ለእያንዳንዱ ቀን አንድ አንድ። መጨረሻ ላይ ደግሞ ጎንበስ ብለው የሚገቡባት የጳጉሜ በር አለች። የአገሩ ገበሬ ይህን ከጥንት ጀምሮ ያውቃል። የማያውቁት ደብረ ታቦር ላይ ወንበር ይዘው የተቀመጡት ናቸው፤ እነሱ ደግሞ ገበሬ መቼ ጠይቀው ያውቃሉ።

ሕጉ ቀላል ነው። ሰው በዕድሜው አንድ ጊዜ ወርዶ፣ ካለፈው ዘመኑ አንዲት ሰዓት መልሶ ይኖራል። በዚያች ሰዓት ያሻውን መናገርም ማድረግም ይችላል። ጧፉ ሲያልቅ ይወጣል። ብዙው ሰው ሠርጉን ይመርጣል፣ ወይ የሞተች እናቱን። ይሻው የመረጠው የተናቀበትን ሰዓት ነበር።

ይሻው ከአራተኛ ክፍል ያቋረጠ ገበሬ ነው። ጉልበቱ ቢደክምም ያስቀየመውን ሰው ሁሉ በስም ይቆጥራል። ከሁሉ የከፋው የማኅበሩ ነገር ነው። የዛሬ ሠላሳ ዓመት ግድም፣ በኅዳር ሚካኤል፣ የቀጣዩ ወር ድግስ ተራው የእሱ ሆኖ ሳለ፣ ጽዋው እሱን አልፎ ከጎኑ ለተቀመጠው ለሞገስ ተሰጠ። አንድ ሰው ትንፍሽ አላለም። ድሃ ብለው ናቁኝ አለና ከማኅበሩ ወጣ። ከሞገስ ጋር በአንድ መንገድ እየተላለፉ እስከ ዛሬ ሰላም አይባባሉም። ያን ቀን መናገር የነበረበትን ቃል በማግስቱ አገኘው፦ የእኔ ቤት ለሚካኤል አይበቃም ያላችሁ ማናችሁ? ይህንኑ እያረሰ ለበሬዎቹ ስንት ዘመን ነገራቸው።

በሩን የምትጠብቀው ሠናይት ናት፤ ከዓረብ አገር ተመልሳ አምባው ውስጥ ሥራ የያዘች የጎረቤት ልጅ። ዘመኑን ጠየቀችው። ዘመነ ማቴዎስ፣ ሰማንያ አምስት፣ ኅዳር ሚካኤል፣ ጽዋው ሊነሣ ሲል ብሎ አንድም ሳያዛንፍ ነገራት።

«አያ ይሻው፣ ሌላ ሰዓት የለዎትም?» አለችው። «ትናንት አንዱ የመጀመሪያ በሬውን የገዛበትን ወስዶ እየዘፈነ ነው የወጣ።»

«እኔ ለዘፈን አልመጣሁም።»

«ይሁን፣ ገብተው ይጣሉ» ብላ ጧፉን ለኩሳ ሰጠችው።

አሥራ ሁለተኛውን በር ሲገፋ ራሱን የዚያን ወር ደጋሽ ከነበረው ከጌጡ ቤት መደብ ላይ አገኘው። ጉልበቱ አላመመውም። ዳቦው ተቆርሷል፣ ጠላው በየሰዉ እጅ ነው። በግራው ሞገስ፣ ጢሙ ገና ጥቁር። በቀኙ ጓደኛው ፈንታሁን። ፈንታሁን ከሞተ አሥራ ሁለት ዓመት ሆኖታል፤ ይሻው ሞገስን ሲረግም ኖሮ ያን ቀን ፈንታሁን ከጎኑ እንደነበር ጭራሽ ረስቶታል።

ፈንታሁን በሹክሹክታ ወሬ ይዟል። ከአንበሳሜ ገበያ በቅሎ ገዝቶ ሲመለስ በቅሎዋ ከመንገድ ወጥታ የሰው ግቢ ዘው አለች። ቢጎትታት፣ ቢለምናት እምቢ። ለካ የድሮ ጌታዋ ቤት ኖሯል። ሰዎቹም እንግዳ መጣ ብለው ምሳ አቀረቡለት። ይሻው ሳቁን ለማፈን ጋቢውን ነከሰ፤ ዕንባው ወረደ።

«ይሻው» አሉ ቄሱ ቀስ ብለው።

ያኔ በሳቅ መሐል አልሰማም ነበር። አሁን ጆሮውን ቀስሮ ስለነበር ሰማ። የማኅበሩ ወግም ይሄኔ ትዝ አለው። ተረኛው ሲጠራ ጋቢውን አደግድጎ ይነሣል። ካልተነሣ ዘንድሮ ጎተራው ባዶ ነው ማለት ነው፤ ሰው ፊት እንዳያፍር ደግመው አይጠሩትም፣ ለምን ብሎም የሚጠይቀው የለም። ያን ዓመት በረዶ የብዙ ሰው እህል መትቶ ነበር። ቄሱ በኀዘኔታ አዩት። ሞገስም ሊነሣ እያመነታ፣ እንደ ማስፈቀድ ብሎ አየው።

ከጧፉ ሦስት ጣት ያህል ቀርቷል። ይሻው ብድግ ሊል ሲል ፈንታሁን ጋቢውን ጎተተው።

«ቁጭ በል፣ ዋናው ገና ነው።»

ይሻው ጽዋውን አየ፣ ፈንታሁንን አየ። ቁጭ አለ።

«ከዚያስ?» አለው።

«ከዚያማ ምሳውን ለመድኩታ። አሁን በቅሎዋ ግቢውን ልታልፍ ብትል እኔ ነኝ ጎትቼ የማስገባት።»

ሞገስ ጽዋውን ሲቀበል ሁለቱ ትከሻ ለትከሻ ተደጋግፈው ይንፈቀፈቁ ነበር። ጧፉ እስኪጠፋ ሳቁ።

«ተናገሯቸው?» አለችው ሠናይት ሲወጣ።

«ጊዜ አልበቃኝም» አላት ዓይኑን እየጠረገ።

ወደ ቤቱ ሲያዘግም ሞገስ ደጁ ድንጋይ ላይ ተቀምጦ ፀሐይ ይሞቃል። ይሻው ቆመ። ጽዋው ዘንድሮ ማን ዘንድ እንዳለ ጠየቀው። ሞገስ ግራ እንደገባው እሱ ራሱ ቤት እንዳለ፣ ወጣቶቹ ሁሉ ከተማ ገብተው የሚቀበለው መጥፋቱን ነገረው።

«እኔ አለሁ» አለ ይሻው።

የዚያን ወር ሚካኤል ቄሱ ገና አፋቸውን ሳይከፍቱ ጋቢውን አደግድጎ ቆሞ ነበር። ጽዋውን ታቅፎ ወደ ቤቱ ሲሄድ ፊቱ በርቷል። ግን ያን ጊዜ አንዱ ክንዴን ነካ ቢያደርገኝ ምን ነበረበት እያለ ማጉረምረሙን አልተወም።