ትልቋ ነጥብ

«ትልቋ ነጥብ እሷ ናት፤ ምን ትጠብቂያለሽ? ፈርሚ እንጂ!» አለ ሥራ አስኪያጁ፣ ጣቱን ስክሪኑ ላይ ተክሎ።

ባለፈው ሳምንት የስፌት ክፍሉ ሴቶች ለግማሽ ቀን ሥራ አቁመው ነበር። ማን እንዳሳደማቸው እንድታወጣ፣ ፋብሪካው ያደላቸው ሲም ካርዶች የጥሪ ዝርዝር ለስታቲስቲክስ ባለሙያዋ ተሰጣት። እሷም ሞዴል ሠራች፤ እያንዳንዱ ስልክ ነጥብ፣ የሚደዋወሉት በመስመር የተያያዙ። ሰማንያ መስመር ሄዶ ሄዶ የክር መጋዘን ኃላፊዋ ላይ አረፈ። ሁሉም «እትዬ ክር» የሚሏቸው፣ ለጡረታ ሁለት ዓመት የቀራቸው ሴትዮ! ሪፖርቱን ከፈረመች ዛሬውኑ ይባረራሉ።

«መጀመሪያ ላነጋግራቸው» ብላ ወረደች።

እትዬ ክር ካርቶን እየደረደሩ ነበር። ገና ሰላም ሳትላቸው ስልካቸው ጮኸ።

«አቤት የኔ ጌታ! ቁልፉ? ቆይ እናትህን ልጠይቃት።» ወደ ስፌት ክፍሉ ብቅ ብለው ተጣሩና ተመለሱ። «ባልዲው ሥር ነው ብላለች። ምሳህን ሳትበላ እንዳትወጣ፣ እሺ?»

«ማነው እትዬ?»

«የአንዷ ልጅ ነዋ! ስፌት ክፍል ስልክ ክልክል አይደል? ስልካቸውን ለልጆቻቸው ቤት ትተውላቸው ይመጣሉ። እኔ ሾፌሮች ስለሚፈልጉኝ ተፈቅዶልኛል። ታዲያ እነዚህ ጉዶች ማንን ያድርቁ?» ብለው ሳቁ።

ባለሙያዋ አልሳቀችም። በራሷ በገነች። ስንት ዓመት ቁጥር ስታሰላ ኖራ፣ ስልኩ በማን እጅ እንዳለ መጠየቅ እንዴት ያቅታታል!

ደረጃውን ሁለት ሁለት እየዘለለች ወጣች።

«ሰዓቱን ይዩት» አለችው ሥራ አስኪያጁን። «ሁሉም ጥሪ በሥራ ሰዓት ነው። ያኔ ሴቶቹ ማሽን ላይ ናቸው፤ የሚደውሉት ልጆቻቸው ናቸው። የተሳሳትኩት እኔ ነኝ።»

«የልጆች ወሬ አልጠየቅኩሽም። አለቆቼ አንድ ስም ይፈልጋሉ። አንቺ እምቢ ካልሽ ሌላ ሰው ይፈርማል፤ አንቺም አብረሻት ትወጫለሽ።»

«እንግዲያው ያ ሌላ ሰው ይፈርም!»

ፋብሪካው በሰጣት ሲም ካርድ የሚሠራውን ስልኳን አወጣች፤ እሱ እያያት ደወለች።

«እትዬ፣ እኔ ነኝ። ከነገ ጀምሮ ስልኬን ለልጄ ቤት ትቼላት እመጣለሁ። እሷም እርስዎ ጋ ትደውል?»

«ምን ችግር አለ! ስሟን ብቻ ንገሪኝ።»

ስሟን ነገረቻቸውና ዘጋች። ያልተፈረመውን ሪፖርት ወደ ሥራ አስኪያጁ ገፋችው።

«ሰማንያ አንድ ብለው ያርሙት» አለችው።