በር ላይ የቆመው ፈረስ ዝምታ

«ፈረስ ያደርሳል እንጂ አይዋጋም» ይባላል፤ የፊልም ደራሲው ግን በፈረስ ስም ሲዋጋ ፀጉሩ ሸበተ። የጻፋቸው ፊልሞች በሙሉ የፈረስና የፈረሰኛ ታሪኮች ናቸው። ታዲያ ፈረስ ብቅ ባለ ቁጥር ድምፅ ባለሙያዎቹ ያችኑ ያረጀች ማሽካካት ይለጥፉበታል። ፈረሱ ሣር ሲግጥ ያሽካካል፤ ውኃ ሲጠጣ ያሽካካል፤ ተኝቶም ያሽካካል። በረት ረግጦ የማያውቅ ሁሉ ክቡሩን እንስሳ የበር ደወል አደረገው! የደራሲውን ደም የሚያፈላው ይኼ ነበር።

በአዲሱ ፊልሙ መጨረሻ ላይ አንድ አሮጌ ፈረስ የሞተ ጌታውን በር ላይ ቆሞ ይጠብቃል። ዝም ብሎ። ታሪኩ ሁሉ የተጻፈው ለዚያች ዝምታ ነው።

«ጋሼ፣ ሕዝቡ እኮ ድምፁ የተበላሸ ይመስለዋል» አለው ፕሮዲዩሰሩ፣ ጠባቧ የድምፅ ክፍል ውስጥ።

«ይምሰለዋ! የሚጠብቅ ፈረስ ጆሮውን ይቀስራል እንጂ አፉን አይከፍትም። እናንተ የምትፈልጉት ምንድን ነው? እንዲህ እንዲል ነው?»

አንገቱን ማይክሮፎኑ ላይ አስግጎ፣ ጉሮሮው እስኪሰነጠቅ አሽካካ።

ድምፅ ባለሙያው ከማሽኑ ላይ ቀና እንኳ አላለም።

«እሺ ጋሼ፣ አሸነፉን» አለ ፕሮዲዩሰሩ።

በምረቃው ዕለት ደራሲው ከሚስቱ ጋር ፊተኛው ረድፍ ላይ ተቀመጠ። ፈረሱ በሩ ላይ ቆመ። አዳራሹ ጸጥ አለ። የደራሲው ዓይን እንባ ማቅረር ሲጀምር ፈረሱ አሽካካ። ረጅም፣ ሻካራ፣ አንጀት የሚበላ ማሽካካት።

«ከሐዲዎች!» ብሎ ሊነሳ ሲል ሚስቱ ኮቱን ጎተተችው።

«ቁጭ በል አንተ ሰውዬ! ይኼን ድምፅ አውቀዋለሁ።»

«ከየት?»

«እራት በዘገየ ቁጥር የምሰማው ነዋ!» አለችና እንባዋን ጠረገች። ከኋላቸው ረድፉ በሙሉ ይነፋረቃል።

መብራት ሲበራ ደራሲው ድምፅ ባለሙያውን ፈልጎ ኮሌታውን ጨመደደው።

«አንተ ዓይን አውጣ ሌባ!»

«ምን ላድርግ ጋሼ? እውነተኛ ፈረሶችን ሁሉ ሞከርን። ማንንም አላስለቀሱም።»

የደራሲው እጅ ላላ። ጭብጨባው አሁንም አላባራም። ጉሮሮውን ጠራረገና ወደ ባለሙያው ጆሮ ጠጋ አለ።

«ታዲያ መጨረሻውን ለምን ቆረጣችሁት?»