ባለቤቱ አለሁ

ፈንታውን አልወደውም። የባሌ የእህቱ ልጅ ነው፤ ይሁን፤ ሥጋ የሆነ ሁሉ ይወደዳል እንዴ? ድሮ እንዲያው በደፈናው ነበር የማልወደው፤ ዘንድሮ ግን ምክንያት አገኘሁ።

ከአሸተን ማርያም በታች፣ ገደሉ አፋፍ ላይ፣ አንዲት የገብስ ማሳ አለችኝ። የዓመት ጉርሴ እሷ ናት። እሷ ከጠፋች ሙጃ ከተማ ሄጄ ከእህቴ ባል ቤት መጠጋቴ ነው። የሰው ፊት እሳት ነው፤ ያውም የዚያ ሰውዬ ፊት!

የማሳዋ ጠላት ጭላዳ ነው። ገብሱ እሸት ሲይዝ መንጋውን አስከትሎ ከገደሉ ይወጣል። የማያውቀው ዝንጀሮ ይለዋል፤ እኔ ሰው ነው የምለው፤ ክፉ ሰው። ቁጭ ብሎ በሁለት እጁ እየቀነጠሰ ይበላል፣ ከሚስቶቹ ጋር ይጣላል፣ ይታረቃል፤ ሲሰድቡት ከንፈሩን ገልብጦ ጥርሱን ያሳያል። ወንጭፍ ይለምዳል፣ ውሻም ይለምዳል። ያልለመደው አንድ ነገር ቢኖር የባሌ የአረጋ ድምፅ ነበር። አረጋ ከማሳው ራስጌ ካለው ድንጋይ ላይ ይቆምና፣ ሳል በሰነጠቀው ወፍራም ድምፁ «ሆይ! ባለቤቱ አለሁ!» ሲል መንጋው ተግተልትሎ ገደሉን ይወርዳል። ድንጋይ አይወረውር፣ ዱላ አያነሣ። አረጋ ከጭላዳ ጋር ውል አለው እያለ ሰዉ ይቀልድበት ነበር። አምና ክረምት ሞተብኝ። የዚያን ዓመት ገብስ ግማሹን ጭላዳ በላው።

ፈንታው አስጎብኚ ነው። ጦርነቱ መጥቶ ፈረንጅ ከራቀ ወዲህ ሥራ ፈትቶ፣ ስልኩን ይዞ ከገደል ገደል ይዞራል። አንድ ቀን ቤቴ መጥቶ ስልኩ ላይ የተቀነባበረ ቪዲዮ አሳየኝ፤ ዝሆን ጋቢ ለብሶ፣ ሽማግሌ ሆኖ፣ ኩምቢውን እንደ ጭራ እያወዛወዘ ጅብና አንበሳ ያስታርቃል። ይህን ያየው ሰው ለቁጥር ያታክታል አለኝ። አልዋሽም፣ ሳቅሁ። እኛ ዘንድ ዝሆን ባይኖርም ሰው የሚመስል አውሬ አላጣንም ብሎኝ ወጣ። ምን እንዳሰበ በምን ልወቅ።

መስከረም ላይ ቅዳሜ ገበያ ስወርድ ሴቶቹ እኔን እያዩ አፋቸውን በነጠላቸው ይሸፍናሉ። ቆላ ወርዳ በርበሬ እያመጣች የምትሸጠው ነጅሚያ ግን አልሳቀችም። አንቺ ሳታውቂ ሲስቁብሽ ከፋኝ አለችና ስልኳን ከፈተችልኝ። ትልቁ ወንድ ጭላዳ ደረቱን አቅልቶ፣ እጁን አገጩ ላይ አድርጎ፣ አለት ላይ ተቀምጧል። የሚናገረው ግን አረጋ ነው። ሳሉ ሳይቀር። ስለ ግብር ያማርራል፣ ስለ ማዳበሪያ ያማርራል፤ በመጨረሻ ደግሞ «ብርቅዬ፣ ዛሬም ወጡን ጨው ነሣሽው?» ይላል። መጀመሪያ አረጋ የተነሣ መስሎኝ ልቤ በደስታ ዘለለ። ወዲያው የፈንታው ሥራ መሆኑ ገባኝ፤ ከልጅነቱ ጀምሮ የሰው ድምፅ ማስመሰል ይችልበታል። ያችን ደስታ ስላስደሰተኝ ነው አብልጬ የጠላሁት።

ከገበያ በቀጥታ ደጁ ሄድሁና ባለኝ አፍ ሁሉ ሰደብሁት። ለአጎቴ ማስታወሻ ይሁናቸው ብዬ ነው፣ አገሩ ሁሉ ወደዳቸው ይለኛል። የወደዱትስ ጭላዳውን ነው፤ ባሌንማ ሳቁበት። ባሌን ጠጉር አልብሰህ ገደል ላይ አስቀመጥኸው፣ ሽማግሌ ይየው፤ ብዬው ወጣሁ።

ሽማግሌዎቹ ከቤተ ክርስቲያኑ ወይራ ሥር ተቀመጡ፤ ሰብሳቢው ቄስ ይታገሱ ነበሩ። ፈንታው እግራቸው ላይ ወድቆ ጥፋቱን አመነ። ቪዲዮውን አጠፋለሁ፣ ካሣም እከፍላለሁ አለ። ቄስ ይታገሱ ወደ እኔ ዞረው፣ የሞተ ሰው ስም ይቅደም ወይስ ካሣው ብለው ጠየቁኝ።

«አስቀድሞ የመቀመጫዬን አለች ዝንጀሮ፤ አባ፣ የኔ እሾህ ገብሷ ናት» አልኋቸው። «ድምፁን ከሰረቀ በድምፁ ይካሰኝ። አጨዳ እስኪደርስ አረጋ የቆመበት ድንጋይ ላይ ቆሞ እንደ አረጋ ይጩህልኝ።»

ሽማግሌዎቹ ፍርዴን ወደዱት። ፈንታው ግን ፊቱ አመድ መሰለ። በወንጭፍ ልጠብቅ፣ ሰው ልቅጠር፣ አጥር ልጠር፣ የማይለው የለም። ለመንሁት መሰለው እንዴ! ካልጮኸ አልታረቅም አልሁ። ቄስ ይታገሱ የምትለው ካለ ተናገር ሲሉት አንገቱን ደፍቶ የለኝም አለ። ስንፍና ነው ብዬ በልቤ ናቅሁት።

በማግስቱ ፀሐይ ሞቅ ስትል ከማሳው ራስጌ ተገናኘን፤ ቄስ ይታገሱና ጎረቤቱም ሊያዩ መጡ። ገብሷ ወርቅ መስላለች፤ ለአጨዳ ጥቂት ነው የቀራት። መንጋው አፋፉ ላይ ብቅ አለ፤ ገና አልነካትም። በል አልሁት። ወንጭፉን ይስጡኝ ብሎ ለመነኝ። አሁንም በል አልሁት።

«ሆይ! ባለቤቱ አለሁ!»

ድምፁ አረጋ ነበር፤ እራሱ፤ እንባዬ ዱብ ዱብ አለ። ጭላዳዎቹ ቀና ቀና አሉ። ከዚያ እየሮጡ መጡ፤ ወደ ገደሉ ሳይሆን ወደ እኛ። እናቶቹ ግልገላቸውን አዝለው፣ ጎረምሶቹ እየተጋፉ፣ አይቼው የማላውቀው ሌላ መንጋ ሁሉ ከማዶ እየተጠራራ፣ ገብሴን መሐል ለመሐል እየረገጡ መጥተው ድንጋዩን ከበቡት። ቁጭ ብለው ፈንታውን አዩት። የጠበቁትን ሲያጡ ወደ ገብሱ ዞሩ። ድንጋይ ብንወረውር፣ ውሻ ብንለቅ፣ ብንጮህ፣ ማን ሊሰማን። አባረን ስንጨርስ ማሳዋ ከብት ያደረባት መሰለች።

ያን ጊዜ ነው ፈንታው አፉን የከፈተ።

«እትዬ ብርቅዬ፣ በዚህ ድምፅ እየጠራሁ ነው ቆሎ ስበትንላቸው የከረምሁት» አለኝ። «መጀመሪያ ይሸሹ ነበር። ቪዲዮ ለመቅረጽ በቅርብ ፈለግኋቸው፤ ቆይተው ለመዱት። ሽማግሌ ፊት ለመናገር አፈርሁ።»

አረጋ በሕይወቱ ሙሉ ያስፈራውን መንጋ፣ እሱ በእፍኝ ቆሎ ገዛው። እኔ ደግሞ በእልኬ አስጮኽሁት፤ እሱንም አልክድም። ግን ራሴን ለመጥላት ጊዜ አለኝ፤ ሙጃ ተቀምጬ እደርስበታለሁ።

«አረጋን አምና ቀበርነው እንጂ አልሞተም ነበር» አልሁት። «የገደልኸው አንተ ነህ፤ ዛሬ።»

ትልቁ ወንድ ጭላዳ ብቻውን ቀርቶ፣ ከድንጋዩ ሥር ቁጭ ብሎ፣ እጁን ወደ ፈንታው ዘርግቷል። በአጠገቡ ሳልፍ ዞር ብሎም አላየኝ። ጓዜን ልሸክፍ ወደ ቤቴ ወጣሁ።